በወይራው ላይ ያለፈ ሽቦ

መስከረም ፲፪ ቀን ፲፱፻፶፯፣ ማክሰኞ

አዲስ ዓመት፣ አዲስ ደብተር፣ አዲስ መብራት! ደስታዬን የምነግረው ሰው ስላጣሁ ለወረቀት ልንገረው።

የዛሬው ባለቀን ቅዱስ ሚካኤል ነው። ስሙን በቀይ ቀለም ጻፍሁት። አባቴ ብራና ጸሐፊ ነበሩ፤ የቅዱሳንን ስም በጥቁር መጻፍ ጥላሸት ተቀብቶ ቤተ ክርስቲያን እንደ መግባት ነው ይሉ ነበር። እኔም ይኸው አርባ አምስት ዓመት ሞልቶኝ፣ በማታ ትምህርት አሥረኛ ክፍል ደርሼ፣ ለሰው አቤቱታ እየጻፍሁ ስተዳደር ከጥቁሩ ብልቃጥ ጎን ቀዩን ለይቼ አላውቅም። የስሙን የመጨረሻዋን ፊደል እግርም እንደ እርሳቸው ረዘም አድርጌ ወደ ላይ እቆለምማታለሁ። ጎንደር ውስጥ እንዲህ የሚቆለምም ሌላ እጅ የለም፤ ይህን ስናገር ኩራት አይደለም፣ እውነት ነው።

ወደ መብራቱ። ጋራዥ የሚሠራው አለነ፣ የታናሽ እህቴ የሐረገወይን ባል፣ ከመንገዱ የመብራት እንጨት ላይ ሽቦ ስቦ በግቢያችን ወይራ አሳልፎ ቤታቸው አስገባ። ከዚያው ላይ ቀንጥቦ ለእኔም ክፍል አምፖል ሰቀለልኝ። «እቴቴ፣ የዘንድሮ የእንቁጣጣሽ አበባሽ ይኸው» አለኝ ከመሰላሉ ሲወርድ። ሸጋ ሰው ነው። እጁ ላይ ዝገት ነበረ።

ፈቃድ የለውም፣ አውቃለሁ። ቆጣሪ እንዲገባላቸው ከዓምና ጀምረው ቢያመለክቱ «ቤቱ በሟች አባታችሁ ስም ነው፤ ሁለቱም ወራሾች የፈረሙበት ወረቀት አምጡ» ተባሉ። ወረቀቱ እኔ ሣጥን ውስጥ ነው። ሐረገወይን የጣቷን አሻራ አድርጋበታለች፤ የቀረው የእኔ ፊርማ ነው። እፈርማለሁ። የርስት ነገር ተቸኩሎ አይፈረምም።

መስከረም ፲፯፣ እሑድ

ከደመራው መልስ ሴቶቹ ሁሉ ሐረገወይን ቤት ገቡ። ምነው እኔ ቤት አይገቡ? የእሷ አምፖል ትልቅ ነዋ። ጠላ ልቀዳ ጓዳ ስገባ ጎረቤታችንን አልማዝን ሰማኋት።

«ታላቅየዋ ግን ምነው ሳታገባ ቀረች?»

«ሽማግሌ የተላከው ለእሷ ነበር አሉ። ትምህርቴን ልጨርስ ብላ ስትመልሳቸው፣ አለነ ዞር ብሎ...»

«እሷ ፊደል ስትለቅም ታናሽየዋ ፍሬውን ለቀመችዋ!»

ሐረገወይን ሳቀች። ወይም ስኒ ተንኳኩቶ ይሆናል። አይ፣ ሳቅ ነበር።

ለሽማግሌዎቹ እምቢ ያልሁት እኔ ነኝ። ጠብቀኝ አላልሁትም። አንድ ዓመት ስጡኝ ብቻ ነው ያልሁት፤ አንድ ዓመት ማለት እምቢ ማለት ነው።

ጠላውን ቀድቼ ወጣሁ፣ ተጫወትሁ፣ እንዲያውም ከሁሉ በላይ ያሳቅሁ እኔ ነኝ።

ጥቅምት ፫

አለነን «አምፖሏን አንሣልኝ፣ ዓይኔን ወጋኝ» አልሁት።

«ምነው እቴቴ! በትንሿ ልቀይርልሽ?»

«ግድ የለህም፤ ለእኔ ኩራዝ ይበቃኛል።»

በፒንሳው ፈታታው። ሽቦዋን የያዙት ሁለት ነጫጭ የሸክላ ስኒዎች ብቻ የጣራዬ ክፈፍ ላይ ቀሩ። ሐረገወይን ደግሞ «ታዲያ ማታ ማታ እኛ ዘንድ ነይና ጻፊ፤ አንቺ በጨለማ እኛ በብርሃን ምኑ ያምራል?» አለችኝ። ደግነቷ እንደ እሬት ነው፤ ቀምሼው እስኪነጋ ከአፌ አይወጣም።

ጥቅምት ፲፪፣ ሐሙስ

ጻፍሁት! ኧረ እንዴት ያለ ጽሑፍ! በዕድሜዬ ለሰው ከጻፍሁት ሁሉ ይበልጣል፤ የሚያሳዝነው ጸሐፊዋ አለመታወቋ ነው።

እጄን ለወጥሁት። ፊደሉን ወደ ቀኝ አጋደልሁት፣ በደነዘ ብዕር ጻፍሁት። «የሕዝብ ንብረት በሆነው የመብራት እንጨት ላይ ያለ ፈቃድ ሽቦ አንጠልጥሎ፣ በወይራ ዛፍ አሳልፎ፣ የጎረቤትን ሕይወት ለአደጋ አጋልጦ ሌሊቱን ቀን አድርጎ የሚኖር ግለሰብ አለ...» ከታች «አንድ ተቆርቋሪ» አልሁ። ራሴ ወስጄ ፖስታ ቤት ሳጥን ውስጥ ጣልሁት። ስትወድቅ ጧ አለች።

ስመለስ ለሐረገወይን የባቄላ እሸት ገዛሁላት። ትወደዋለች።

ጥቅምት ፲፫

ቀኑን ስጽፍ «በቅዱስ ሚካኤል ዕለት» ብያለሁ። በየትኛው ቀለም ነው የጻፍሁት? በጥቁር። በጥቁር ነው።

ጥቅምት ፲፬

በቀይ ነው። የቀዩን ብዕር ጫፍ አየሁት፣ ቀለሙ ደርቆበታል። እጅ ልማዱን አይለቅም። ይሁን፤ የመብራት ሰዎች ሽቦ ነው የሚያዩ፣ ቀለም አያዩም።

ጥቅምት ፳፮፣ ሐሙስ

መጡ! ሁለት ሳምንት ስጠብቅ ተስፋ ቆርጬ ነበር። የመብራቱ መሥሪያ ቤት ሰው መሰላሉን ይዞ፣ አጥቢያ ዳኛው አያ ፋንታሁን ካባቸውን ደርበው፣ ከኋላ የመንደሩ ሰው ሁሉ። አለነ ለምሳ ገብቶ ነበር፤ እጁን ሳይታጠብ ወጣ።

«በሕግ አምላክ፣ ከዚህች እንዳትነቃነቅ» አሉት አያ ፋንታሁን። እሱም እግሩን ገጥሞ ቆመ። እንዲያ ሲቆም ልጅ ይመስላል።

ሰውየው እንጨቱ ላይ ወጥቶ ሽቦውን ቆረጠው። ሽቦው ከወይራው ላይ እንደ እባብ ተምዘግዝጎ፣ ሐረገወይን ለሰው ሙሽራ ጠልፋ ባሰጣችው ነጭ ቀሚስ ላይ ወደቀ። ቀሚሱ ጥቁር መስመር ወጣበት። እሷ ቀሚሱን አላየችም፣ ባሏን ነው የምታይ።

ከዚያ ሰውየው ወደ እኔ ክፈፍ ዞሮ ስኒዎቹን አየ።

«ይህስ? እዚህም ቤት ገብቷል ማለት ነው?»

አለነ ቶሎ ብሎ፣ «ልሞክር የመታሁት ነው። እሷ ኩራዝ ነው የምታበራ፤ ግቡና እዩ» አለ። ገብተው ኩራዜን አዩ። እንዲህ ያለ ውሸት ከእሱ አፍ ሲወጣ ሰምቼ አላውቅም።

«በል ዋስ ጥራ» አሉት አያ ፋንታሁን።

ዞሮ እኔን አየኝ። ማንን ያይ? ለዋስ የሚሆን የታላቅ እህት ቤት አለ፣ ርስት አለ። ግን ምስር ጥጄ ነበር። «ምስሬ!» ብዬ ገባሁ። በመስኮት ስሰማ ጨርቅ ነጋዴው ያሕያ «እኔ ዋስ ነኝ» ሲል ድምፁ መጣ። ሚስቱ ራቢዓ ደግሞ ደጃፌ ድረስ መጥታ አንገቷን አስግጋ፣

«እንኳየሁ፣ ምስሩ አረረ እንዴ?» አለችኝ።

«ተረፈ፣ እት ራቢዓ።»

«እሰይ። አንድ ነገር እንኳ ይትረፍ።»

ምን ለማለት ነው? ሴትየዋ አፏ ቅመም ነው።

ጥቅምት ፳፯

ሐረገወይን መጣች። ዓይኗ ያበጠ ነው። «ለክሱ መልስ ጻፊልን እቴቴ፤ ካንቺ ሌላ ማን ጸሐፊ አለን?»

እንዴት ብዬ እምቢ እላለሁ! ክሱም የእኔ፣ መልሱም የእኔ። ብቻዬን በሩን ዘግቼ አፌን በነጠላዬ ይዤ ሳቅሁ። ስቄ ስጨርስ እንባዬ ወርዶ ነበር፤ ሳቅ ሲበዛ እንዲህ ነው።

ኅዳር ፪

መልሱን ጨረስሁት። እነሱ የሚሉት አንድ ነገር ነው፤ ቆጣሪ አመልክተን ነበር፣ የአንዷ ወራሽ ፊርማ ስለዘገየ ነው በጨለማ ሰልችቶን የሳብነው። ዳኛ ይህን ቢሰማ በምክርና በማስጠንቀቂያ ይለቀዋል፤ የስንቱን መዝገብ አይቻለሁ። ታዲያ ወዲያው «የማናት ፊርማ?» ይላል። ስለዚህ አልጻፍሁትም። የጻፍሁት «ጥፋቴን አምኜ ምሕረት እለምናለሁ» ብዬ ነው፤ ይህም ጨዋ አነጋገር ነው።

«ወረቀቱን ጠቅሰሽዋል?» አለችኝ ሐረገወይን።

«እንዴታ!» አልሁና ገጹን አንሥቼ የሌለውን አነበብሁላት። «በወራሾች ፊርማ መዘግየት ምክንያት...» እያልሁ፣ ጣቴን በመስመሩ ላይ እየነዳሁ። ራሷን ነቀነቀች። አለነም ማኪና እንጂ ፊደል አይፈታም፤ የተማረው ስሙን መፈረም ብቻ ነው። ፈረመ። «እግዜር ይስጥሽ እቴቴ» አለኝ።

ይህን መጻፍ አልነበረብኝም። መልሱን ሳይሆን ደብተሩን ማለቴ ነው።

ኅዳር ፲፪፣ ቅዳሜ

የእናታችን መታሰቢያ ነው፤ ክርስትና ስሟ ወለተ ሚካኤል ነበር። ሐረገወይን ዳቦ ቆረሰች። እሷ በአባታችን ጊዜ መርፌ ያዘች እንጂ ፊደል አልያዘችም። የምታውቀው አንዲት ቃል ናት፤ አባባ የእናታችንን ስም ሲጽፉ «ይቺን ቀይዋን እንኳ እወቂ» ብለው ያሳዩዋትን። ዛሬ የቤተ ክርስቲያኑን የመታሰቢያ ወረቀት ስጽፍ በትከሻዬ አሻግራ አየችና፣

«የአባባ እጅ ቁርጥ! ሌላ ሰው ፊደሏን እንዲህ ሲቆለምማት አይቼ አላውቅም» አለች።

ቀዩ ቀለም ተደፋብኝ። ጥቂት ነው፤ ብልቃጡ ገና ሙሉ ነው።

ኅዳር ፲፰፣ ዓርብ

ፍርድ ቤት ዋልን። አዲሱን ነጠላዬን ለብሼ ነበር፤ ሠርግ ቤት የምሄድ መስያለሁ አሉኝ፣ እኔ ምን ላድርግ።

ዳኛው መልሱን አንብበው «ጥፋትህን አምነሃል» አሉት። አለነ ደነገጠ። «የወራሽ ፊርማ ዘግይቶብን ነው ጌታዬ፣ በወረቀቱ ላይ...»

ዳኛው ገጹን ገለበጡ። «እንዲህ ያለ ነገር በመልስህ ላይ የለም። በጽሑፍ ያላልኸውን ዛሬ ከየት አመጣኸው?»

አለነ እኔን ያያል ብዬ ዓይኔን ወደ ጣራው ሰቀልሁ። አላየኝም። አለማየቱ ነው የገረመኝ።

ከዚያ ዳኛው ጠቋሚው ቀርቦ እንዲመሰክር ፈልገው ያቺን ስም የሌላትን ወረቀት ከፍ አድርገው ለችሎቱ አሳዩ። «ይህን የጻፈ ሰው እዚህ አለ?» ፀሐይ ከመስኮቱ ገብታ ወረቀቱ ላይ አረፈች። ከጥቁሩ ሁሉ መሐል አንዲት ቀይ ቃል ነበረች። ከሁለተኛው ወንበር ድረስ ትታያለች።

ሐረገወይን አየቻት። ረዘም ላለ ጊዜ አየቻት። ከዚያ ሁለት እጇን ጭኗ ላይ አስቀምጣ መዳፎቿን ታይ ጀመር።

ፊደል የማታውቅ ሴት ምን ታያለች? ምንም። በመንገድ ስንመለስ ምንም አላለችኝም። አላወቀችም ማለት ነው። አላወቀችም! ብታውቅ ኖሮ ትጮህ ነበር፤ እኔ ብሆን እጮህ ነበር።

ኅዳር ፳፭

ስድስት ወር ፈረዱበት። ጋራዡም ቦታውን ለሌላ ሰጠ።

ወደ ወህኒ ሲወስዱት ወደ እኔ ዞሮ ራሱን ዝቅ አደረገ፣ ታላቅን እንደሚሰናበቱ። ምነው ዝም ብሎ ቢሄድ!

አሁን ፊደል ስትለቅም ያሉኝ ይምጡ። ከፊደል የምትወጣ እስራት እንዳለች ይዩ። ደስ ብሎኛል፤ ደስ ብሎኛል ብዬ መጻፌ ራሱ ያስቃል፣ ደስ ያለው ሰው ይህን መቼ ይጽፋል?

ታኅሣሥ ፮

ኩራዝ ዓይኔን አጠፋብኝ። ወረቀቷን ከሣጥን አወጣሁ። ፊርማዬን ለመፈረም ብዕሬን ቀለም ውስጥ ከመንከር ያነሰ ጊዜ ፈጀብኝ። ግን አሻራው ዓመት ስላለፈው መሥሪያ ቤቱ በአዲስ ይታደስ አለ፤ ቆጣሪውም በማን ስም እንደሚገባ ወራሾች ይስማሙ አለ። ሐረገወይን ዘንድ ሄድሁ። ለወህኒ ስንቅ ትቋጥራለች።

«ቆጣሪ ላስገባ ነው፣ በእኔ ስም...» ብዬ ጀመርሁ። ብዙ ያሰብሁት ንግግር ነበረኝ።

አላስጨረሰችኝም። አውራ ጣቷን ዘረጋች። ቀለሙን ቀብቼ ወረቀቱ ላይ ጫንሁት። ለምን አላለችም፣ እስከ ዛሬ የት ነበርሽ አላለችም። ጣቷን በመቀነቷ ጠርጋ ስንቋን መቋጠር ቀጠለች።

«ሐረግ» አልሁ። እንዲህ ብዬ የጠራኋት በልጅነቷ ነው።

«ቀዝቅዞ እንዳይደርስበት» አለች፣ ድስቱን እያየች።

ታኅሣሥ ፲፪

ከግቢው ወጣች። የሄደችው ሩቅ አይደለም፣ ራቢዓ ጓዳዋን ሰጠቻት፤ እዚያ በራቢዓ መብራት ትሰፋለች። ራቢዓን መንገድ ላይ አግኝቼ፣

«የክርስቲያን ልጅ እናንተ ቤት ምን ትበላለች?» አልኋት፣ ለጨዋታ።

«ጾም ላይ አይደለችም እንዴ? ሽሮዋን ለብቻዋ ትሠራለች። የሚለየን ሥጋው ነው እንኳየሁ፤ መብራቱ አይለየንም።» ጥቂት ሄዳ ተመለሰች። «ሰው ሁሉ ማን ጻፈው እያለ ሲጠይቅ እሷ ምን እንደምትል ታውቂያለሽ?»

«ምን ትላለች?»

«እኔ ፊደል አላውቅም ትላለች።»

ይኸው! አላወቀችም ብዬ አልነበር?

ታኅሣሥ ፳፱፣ ገና

ቆጣሪው ገባ! ጥቁር፣ አብረቅራቂ፣ ስሜ ተጽፎበታል። አምፖሉ ከእነሱ ይበልጣል። ግድግዳው ላይ ያለውን እያንዳንዱን ስንጥቅ አየሁት፤ በኩራዝ አይታይም ነበር።

ሴቶቹን ለገና ጠራኋቸው። አልማዝ ልጄን አመመው ብላ ላከች። ሌሎቹም አንድ አንድ ነገር አላቸው። እንጀራውን ሸፈንሁት። አቤቱታ የሚያጽፍ ሰው ከመጣም ወር ሊሆነው ነው፤ አንዱ ሽማግሌ ብቻ ደጃፌ ቆሞ «አንቺ ነሽ ባለ ቀይ ቀለሟ?» ብሎ ጠይቆኝ፣ አዎን ስለው ወረቀቱን አጥፎ ሄደ። የወህኒውን መንገድ ጠይቀው አለነን የሚያዩት ግን ብዙ ናቸው አሉ።

ወይራው ላይ የተቆረጠችው የሽቦ ጫፍ ቀርታለች። ንፋስ ሲሆን ቆርቆሮዬን ትጭረዋለች። የሚያወርዳት ሰው መፈለግ አለብኝ።

ጥር ፲፪፣ ረቡዕ

ዛሬ የሚካኤል ታቦት ከጥምቀተ ባሕሩ ገባ። እልልታው እስከዚህ ይሰማል። ወጥቼ ነበር፤ ሰው ብዙ ስለሆነ ተመለስሁ። ቦታ ይለቁልኛል፤ በአጠገቤ ቦታ ይሰፋል፣ ይህም አንድ ክብር ነው።

ራቢዓን ደጄ ላይ ቆማ አገኘኋት። ትንሽ ነጭ ጥቅል በሁለት እጇ ይዛለች።

«ሐረገወይን ላከችልሽ። እንዳይሰበር ብላለች።»

«ምን አለች ሌላ?»

«ሌላ አላለችም። ግን ሦስት ቀን ጠልፋዋለች።»

ገብቼ ፈታሁት። ውስጡ አምፖላቸው ነው፤ ያ ትልቁ። የተጠቀለለበት ጨርቅ ከዚያ ሽቦው ከወደቀበት የሙሽራ ቀሚስ የተቀደደ ነው፤ ጥቁሩ መስመር አለ። ከመስመሩ በላይ በቀይ ክር አንድ ቃል ተጠልፏል። ሚካኤል። የመጨረሻዋ ፊደል እግሯ ረዝሞ ወደ ላይ ተቆልምሟል፣ ልክ እንደ አባባ፣ ልክ እንደ እኔ፣ ልክ ዳኛው ከፍ አድርገው እንዳሳዩአት። አንዲት ስፌት አልሳተችም።

ስፌቱ ሸጋ ነው፤ ለዚህስ ምስጋና ይገባታል። ጨርቁን ምን እንደማደርገው አላውቅም። ቅዱስ ስም ያለበትን ጨርቅ አያቃጥሉትም፣ ወለልም አይጠርጉበትም። አምፖሉን ሞከርሁት፣ ይሠራል። ኩሽና ሰቀልሁት።

እንግዲህ ሁለት አምፖል አለኝ። ሁለቱንም አብርቼ ተቀምጫለሁ፣ ፀሐይ ገና አልገባችም።

ከላይ የመልአኩን ስም በጥቁር ጻፍሁት። ቀዩ አልቆብኝ ነው።